አንድ ግራፊክስ ካርድ፣ ሦስት ጨዋታ

የኮምፒውተር ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ ጂቲኤክስ 1650 ግራፊክስ ካርድ ያለውና ስክሪኑ 144 ኸርዝ የሆነ ላፕቶፕ አለኝ። ቀን የሒሳብ ሥራዬን እሠራበታለሁ፤ ማታ ማታ ደግሞ ከታናሽ ወንድሜ ጋር ጂቲኤ 5፣ ካውንተር ስትራይክ 2 እና ስካይሪም እንጫወትበታለን። ጂቲኤ እየተንቀራፈፈ ስላስቸገረን ለአንድ ኮምፒውተር ጠጋኝ ባሳየው «ሁሉንም ከፍተኛው ላይ አድርጌልሃለሁ» ብሎ መለሰልኝ። ከዚያ ወዲህ ጂቲኤ ትንሽ ተሻሽሏል፤ ነገር ግን ሁለት አዳዲስ ችግሮች መጡ። ኤክሴል ብቻ ከፍቼ ስሠራ እንኳ የላፕቶፑ ማራገቢያ እንደ ወፍጮ ቤት ይጮኻል። ስካይሪምን ከመጀመሪያው ስንጀምር ደግሞ እስረኞቹ የተቀመጡበት ጋሪ ይንዘፈዘፋል፣ አንዳንዴም ከመንገዱ ወጥቶ ይገለበጣል። ካርዱ ተበላሽቶ ይሆን?
(ከአዳማ)

መልስ፦ ካርድዎ አልተበላሸም። ጠጋኙ የነካካቸው ማስተካከያዎችም በራሳቸው ስሕተት አይደሉም፤ ስሕተቱ ለጂቲኤ የሚያስፈልገውን ነገር ለፕሮግራም ሁሉ፣ ለኤክሴል ጭምር፣ ማዘዙ ነው። የጻፉልን ሁለቱ ምልክቶች የማይገናኙ ቢመስሉም ምንጫቸው ይኸው ነው።

የካርድዎ ሠሪ የሆነውን የኤንቪዲያን ኮንትሮል ፓነል ከፍተው «ማኔጅ ትሪዲ ሴቲንግስ» ወደሚለው ሲገቡ ጎን ለጎን የተቀመጡ ሁለት ገጾች ያገኛሉ፤ አንዱ «ግሎባል ሴቲንግስ»፣ ሌላው «ፕሮግራም ሴቲንግስ» ይባላል። በመጀመሪያው ገጽ የተደረገ ለውጥ ካርዱን ለሚጠቀም ፕሮግራም ሁሉ የሚሠራ ሲሆን፣ በሁለተኛው የተደረገው ግን ለተመረጠው ፕሮግራም ብቻ፣ ያውም ፕሮግራሙ ክፍት እስካለ ድረስ፣ ይሠራል፤ ሁለቱ በተለያዩ ጊዜም የሚጸናው የፕሮግራሙ ነው። እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 2024 የወጣውን ኤንቪዲያ አፕ የጫኑ አንባቢዎች እነዚህኑ ሁለት ገጾች «ግራፊክስ» በሚለው ክፍል ውስጥ ያገኟቸዋል። ጠጋኙ የሠራው በመጀመሪያው ገጽ ላይ እንደሆነ ከምልክቶቹ መረዳት ይቻላል።

ማራገቢያውን እንመልከት። በእንዲህ ዓይነቱ ላፕቶፕ ውስጥ ግራፊክስ የሚሠሩ ሁለት ክፍሎች አሉ። አንዱ ከፕሮሰሰሩ ጋር አብሮ የተሠራውና ትንሽ ኃይል የሚወስደው ሲሆን፣ ሌላው የኤንቪዲያው ካርድ ነው። በደህናው ቀን ኤክሴልና ብራውዘር በትንሹ ይሠራሉ፣ ትልቁ ደግሞ ይተኛል። «ፕሪፈርድ ግራፊክስ ፕሮሰሰር» የሚለው ምርጫ ለሁሉም ወደ ኤንቪዲያ ከተዞረ ግን ማንኛውም ፕሮግራም ካርዱን ከእንቅልፉ ይቀሰቅሰዋል። በዚያ ላይ «ፓወር ማኔጅመንት ሞድ» ለሁሉም «ፕሪፈር ማክሲመም ፐርፎርማንስ» ተብሎ ከሆነ፣ የነቃው ካርድ ሥራ ባይኖረውም ፍጥነቱን ዝቅ እንዳያደርግ ታዟል። የሚሰሙት ጩኸት ሥራ ፈቶ የሚሞቅ ካርድን ለማቀዝቀዝ የሚደረግ ድካም ነው።

ጋሪው ሌላ ታሪክ አለው። ስካይሪም እ.ኤ.አ. በ2011 የወጣ ጨዋታ ሲሆን፣ ዕቃዎች የሚወድቁበትን፣ የሚጋጩበትንና የሚንከባለሉበትን ስሌት የሚሠራው በሰከንድ 60 ፍሬም፣ ማለትም 60 ምስል፣ ይኖራል ብሎ ነው። 60 ፍሬም ሲሆን እያንዳንዱ ምስል 16.7 ሚሊሰከንድ ይወስዳል፤ ምስሉ ከስክሪኑ እድሳት ጋር እንዲገጥም የሚያደርገውን ቪ-ሲንክን ጠጋኙ ለሁሉም ሲዘጋው ግን ካርዱ እስከ ቻለው ድረስ ይሮጣል፣ ስሌቱም ከጨዋታው ሰዓት ጋር ይጣላል። ጋሪውን ፈረስ ይጎትተው እንጂ የሚነዳው የፍሬሙ ብዛት ነው። ጨዋታውን ገፋ አድርገው ቢጫወቱ ኖሮ ወደ አንድ ቤት ሲገቡ በጠረጴዛ ላይ ያሉት ሳህኖችና ማሰሮዎች ማንም ሳይነካቸው ሲበተኑ ያዩ ነበር።

እንግዲህ በመጀመሪያ በግሎባሉ ገጽ ላይ «ሪስቶር» የሚለውን ተጭነው ሁሉንም ወደ ፋብሪካው ይዞታ ይመልሱ። ወፍጮ ቤቱ የሚዘጋው እዚህ ላይ ነው። ከዚያ በፕሮግራም ገጽ ሦስቱን ጨዋታዎች አንድ በአንድ ይምረጡ። በዝርዝሩ ውስጥ የሌለ ጨዋታ ቢኖር «አድ» ብለው ፋይሉን ራስዎ ያስገባሉ፤ እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል። በጂቲኤ 5 ፎልደር ውስጥ ጨዋታውን የሚያስጀምር አንድ ፋይል፣ ጨዋታው ራሱ የሆነ ሌላ ፋይል አለ፤ የመጀመሪያው ስም «ፕሌይ» በሚል ይጀምራል። ማስተካከያውን ለአስጀማሪው የሰጠ ሰው ለዘበኛው ደመወዝ ጨምሮ ሠራተኛው ለምን አልተጋም እንደሚል አሠሪ ይሆናል፤ ምንም ነገር አይለወጥለትም፣ ምክንያቱንም አያውቅም።

ለስካይሪም የሚያስፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነው። «ማክስ ፍሬም ሬት» የሚለውን ከፍተው 60 ይጻፉበት። ይህ ምርጫ በኤንቪዲያ ፓነል ውስጥ የገባው እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 2020 ስለሆነ፣ ካላገኙት ድራይቨርዎ፣ ማለትም ካርዱን ከዊንዶውስ ጋር የሚያግባባው ፕሮግራም፣ አርጅቷል ማለት ነው። አንድ ትንሽ እንከን ግን ይቀራል፤ ስክሪንዎ በሰከንድ 144 ጊዜ ስለሚታደስና 144 ለ60 እኩል ስለማይካፈል አንዱ ምስል ስክሪኑ ሁለት ጊዜ እስኪታደስ፣ ሌላው ሦስት ጊዜ እስኪታደስ ይቆያል። ዓይንዎ ይህን አለመስተካከል ካስተዋለ ከመጫወትዎ በፊት የስክሪኑን የማደስ መጠን በዊንዶውስ ወደ 60 ኸርዝ ዝቅ ማድረግ ይችላሉ። ወንድምዎ አያስተውለው ይሆናል፤ ሰው በዚህ ይለያያል።

ጂቲኤ 5 ላይ ትንሽ እንቆይ፤ የችግሩ መነሻ እሱ ነበርና። የምንነግርዎ እ.ኤ.አ. በ2015 በኮምፒውተር ስለወጣው ነባሩ ጨዋታ ነው፤ በ2025 ተሻሽሎ የወጣው ከዚህ የከበደ ነው። ከድራይቨሩ የሚፈልገው ሦስት ነገር ነው፤ ግራፊክስ ፕሮሰሰሩ ኤንቪዲያ እንዲሆን፣ የኃይል አያያዙ ከፍተኛው እንዲሆን፣ የፍሬሙ ጣሪያ ደግሞ 72 እንዲሆን። ሰባ ሁለትን የመረጥነው የ144 ግማሽ ስለሆነ ነው፤ እያንዳንዱ ምስል በትክክል ሁለት እድሳት ያህል ይቆያል፣ እንቅስቃሴውም ለዓይን ልስልስ ይላል። በዚያ ላይ ጣሪያ የሌለው ላፕቶፕ ግሎ ግሎ ካርዱ ራሱን ለማዳን ፍጥነቱን ስለሚቀንስ፣ መጀመሪያ አምስት ደቂቃ ፈጥኖ ከዚያ የሚዝል ጨዋታ ይሆንብዎታል። የማሳደድ ትዕይንቱ ሲጦፍ የሚንቀራፈፈው ብዙውን ጊዜ በዚህ ምክንያት ነው።

የቀረው ሥራ ግን በጨዋታው በራሱ ሜኑ ውስጥ ነው። የግራፊክስ ገጹን ሲከፍቱ ምን ያህል የካርድ ሜሞሪ እንደሚያስፈልግ የሚያሳይ አግድም መስመር ያያሉ። የእርስዎ ካርድ ያለው 4 ጊጋባይት ነው፤ መስመሩ ከዚያ እንዳያልፍ ይጠንቀቁ፣ የተመከረውን ወሰን ችላ በል የሚለውን ምርጫም አይንኩት። ሜሞሪው ሲሞላ ካርዱ የጎደለውን ከኮምፒውተሩ ራም ስለሚበደርና ያም መንገድ ቀርፋፋ ስለሆነ፣ መኪናው ወደ አዲስ ሠፈር ሲታጠፍ ምስሉ ቀጥ ይላል። መጀመሪያ የሚሰዋው ኤምኤስኤኤ የሚባለው የጠርዝ ማለስለሻ ነው፤ ሜሞሪም ፍጥነትም ይበላል። በእሱ ፈንታ እዚያው ያለውን ኤፍኤክስኤኤ ቢያበሩ ምስሉ በመጠኑ ይደበዝዝ እንጂ የሚከፍሉት ዋጋ ኢምንት ነው። ቴክስቸርን፣ ማለትም በዕቃዎች ላይ የሚለበጠውን ሥዕል፣ ግን ለማውረድ አይቸኩሉ፤ ሜሞሪው እስከበቃ ድረስ ፍጥነትን ብዙም አይቀንስም፣ ሲወርድ ግን ግድግዳውና ልብሱ ሁሉ ጭቃ ይመስላል። ሣር ሌላው ሆዳም ነው። በከተማው ውስጥ ደህና የነበረው ጨዋታ ወደ ገጠሩና ወደ ተራራው ሲወጡ የሚደክም ከሆነ የሣሩን ጥራት ሁለት ደረጃ ያውርዱት፤ ልዩነቱን ወዲያው ያያሉ። በአንጻሩ ጨዋታው የሚዝለው በሕዝብና በመኪና በተጨናነቀ መንገድ ላይ ብቻ ከሆነ የደከመው ካርዱ ሳይሆን ፕሮሰሰሩ ሊሆን ስለሚችል የሕዝቡን ብዛት ይቀንሱ። በዚሁ ሜኑ ውስጥ የራሱ የፍተሻ ጉዞ ስላለ፣ አንድ ነገር ብቻ እየቀየሩ ፍተሻውን እየደገሙ ይመልከቱ። አምስት ነገር በአንድ ጊዜ ለውጦ «ተሻለው» የሚል ሰው የቱ እንዳሻለው አያውቅም።

ካውንተር ስትራይክ 2 የሚፈልገው ከሁለቱ ተቃራኒውን ነው። እዚህ ዋናው ጉዳይ ማውሱን ከማንቀሳቀስዎ ምስሉን እስከማየትዎ ድረስ ያለው መዘግየት ነውና ቪ-ሲንክ ዝግ ይሁን፤ ምስሉ አልፎ አልፎ መሐሉ ላይ እንደተቆረጠ ሆኖ ቢታይም ተጫዋቾች ያንን ይመርጣሉ። በፓነሉ ውስጥ ይህን መዘግየት የሚቀንስ «ሎው ሌተንሲ ሞድ» የሚባል ማስተካከያ አለ፤ ነገር ግን ጨዋታው በራሱ የቪዲዮ ሜኑ ውስጥ ለዚሁ ሥራ የተዘጋጀውን ኤንቪዲያ ሪፍሌክስ የተባለውን ስለያዘና ሪፍሌክስ ሲበራ የፓነሉ ምርጫ ስለሚሻር፣ ሪፍሌክስን አብርተው የፓነሉን ይተዉት። የፍሬሙንም ጣሪያ ከጨዋታው ውስጥ ቢወስኑት ይሻላል።

በፓነሉ ውስጥ ገና ያልጠቀስናቸው ብዙ መስመሮች እንዳሉ እናውቃለን፤ ሆን ብለን ነው የዘለልናቸው። ይህን ዓምድ የሚያዘጋጀው ሰው በአንድ ወቅት በአንድ ጨዋታ ላይ የጠርዝ ማለስለሻውን ከፓነሉ በግድ ስምንት እጥፍ አድርጎ ለወራት «እንዴት ያምራል» ሲል ከርሟል፤ በኋላ ዘግቶ ቢያየው ምስሉ ያው ነበር። ጨዋታ ከካርዱ ጋር ከሚነጋገርባቸው መንገዶች አንዱ የሆነውን ዳይሬክትኤክስ 9ን በሚጠቀሙ አሮጌ ጨዋታዎች ላይ ይህ ማስገደድ ይሠራል፣ ከዚያ ወዲህ በወጡት ላይ ግን አብዛኛውን ጊዜ ጨዋታው አይሰማውም፤ በአዲሶቹ መንገዶች፣ በዳይሬክትኤክስ 12 እና በቩልካን፣ በተሠሩት ላይ ደግሞ ሎው ሌተንሲ ሞድን የመሰሉት ምርጫዎችም ዋጋ የላቸውም። ስለዚህ ከድራይቨሩ የትኛው ካርድ እንደሚሠራ፣ ኃይሉን፣ የፍሬሙን ጣሪያና ቪ-ሲንክን ይወስኑ፤ ጥላውን፣ ሣሩንና ቴክስቸሩን ለጨዋታው ይተዉለት።

ጨዋታው ይህ ሁሉ ተደርጎም በትንሹ ግራፊክስ ላይ የሚሠራ ከሆነ የዊንዶውስን «ሴቲንግስ» ይክፈቱ፤ በ«ሲስተም»፣ ከዚያ በ«ዲስፕሌይ» ሥር «ግራፊክስ» የሚል ገጽ አለ። ጨዋታውን እዚያ አስገብተው «ሃይ ፐርፎርማንስ» የሚለውን ይምረጡለት። የዊንዶውሱና የኤንቪዲያው ምርጫ ከተጋጩ በአሁኑ ጊዜ የሚጸናው የዊንዶውሱ ነው።

ጥያቄ፦ ካርዴ የኤኤምዲ ራዴዮን አርኤክስ 580 ነው። ካውንተር ስትራይክ 2 ላይ በድራይቨሩ ውስጥ አንቲ-ላግ የሚባለውን ልከፍት ስል አንድ ጓደኛዬ «አካውንትህ ይታገዳል» ብሎ አስፈራራኝ። እውነት ነውን?
(ከሐዋሳ)

መልስ፦ ጓደኛዎ የሰማው ነገር መሠረት አለው፤ ነገር ግን የእርስዎን ካርድ አይመለከትም። እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2023 ኤኤምዲ «አንቲ-ላግ ፕላስ» የተባለ አዲስ አሠራር ካውንተር ስትራይክ 2 ላይ እንዲሠራ በድራይቨሩ ውስጥ ለቀቀ። ይህ አሠራር መዘግየትን የሚቀንሰው በጨዋታው የውስጥ ኮድ መሐል እየገባ ስለነበር፣ ቫክ የተባለው የጨዋታው ፀረ-ማጭበርበሪያ ከአጭበርባሪ ፕሮግራም ለይቶ ሊያየው አልቻለም፤ ምንም ያላጠፉ ተጫዋቾችም ታገዱ። የጨዋታው ባለቤት ቫልቭ ማንም ሰው እንዳይከፍተው በይፋ አስጠነቀቀ፣ ኤኤምዲ ያንን ድራይቨር ሰበሰበ፣ በዚህ ምክንያት የታገዱትም እገዳው እንዲነሳላቸው ተደረገ።

አንቲ-ላግ ፕላስ የነበረው በአርኤክስ 7000 ተከታታይ ካርዶች ላይ ብቻ ነው። በእርስዎ ካርድ ላይ የሚያዩት ከ2019 ጀምሮ ያለው ተራው አንቲ-ላግ ሲሆን፣ እሱ የጨዋታውን ኮድ ሳይነካ ፕሮሰሰሩ ከካርዱ ቀድሞ ብዙ ፍሬም እንዳያከማች ብቻ ይጠብቃል። አድሬናሊን በተባለው የኤኤምዲ ድራይቨር መቆጣጠሪያ ውስጥ «ጌሚንግ» ብለው ጨዋታውን ሲመርጡ የራሱ ገጽ ይከፈታል፤ አንቲ-ላግን እዚያ ያብሩት። ከጎኑ ያለው ራዴዮን ቺል ግን ለዚህ ጨዋታ አይሆንም። ቺል እርስዎ ሳይንቀሳቀሱ ሲቆሙ ፍሬሙን ዝቅ አድርጎ ሙቀትንና ኃይልን ይቆጥባል፤ ጥግ ይዞ ጠላት ለሚጠብቅ ተኳሽ ይህ መልካም ነገር አይደለም፣ ሁለቱን አብሮ ማብራትም አይቻልም። ቺልን ዝግ ብለው ለሚሄዱ ጨዋታዎች ያስቀምጡት፤ ለዚያ ሲሆን በጣም እንወደዋለን።

ጥያቄ፦ ጌም እየተጫወትኩ መብራት ሲጠፋ ላፕቶፑ በባትሪ ይቀጥላል፤ ጨዋታው ግን ወዲያውኑ በሰከንድ 30 ፍሬም ላይ ይቆምና ከዚያ አይወጣም። መብራት ሲመጣ ይስተካከላል። ካርዱ የኤንቪዲያ ነው።
(ከባሕር ዳር)

መልስ፦ ይህ ብልሽት ሳይሆን ባትሪ ቡስት የተባለው የኤንቪዲያ አሠራር ነው። እ.ኤ.አ. በ2014 የመጣ ሲሆን፣ ላፕቶፑ ከቻርጀር ሲለይ ባትሪው ቶሎ እንዳያልቅ ፍሬሙን ይወስናል፤ የተለመደው ወሰንም 30 ነው። ከኤንቪዲያ መተግበሪያ ውስጥ ሊያጠፉት ወይም ወሰኑን ከፍ ሊያደርጉት ይችላሉ። ይሁን እንጂ ባትሪው ካርዱ በሙሉ አቅሙ ሲሠራ የሚፈልገውን ኃይል ማቅረብ ስለማይችል ቢያጠፉትም የመብራቱን ፍጥነት አያገኙም፤ የሚያገኙት በጣም አጭር የጨዋታ ጊዜ ነው። እኛ ብንሆን 30ውን ተቀብለን ጨዋታውን ሴቭ አድርገን እንወጣ ነበር።

ጥያቄ፦ ለዴስክቶፕ ኮምፒውተሬ ያገለገለ ጂቲኤክስ 1050 ቲአይ ገዝቼ አስገባሁ፤ ጨዋታዎቹ ግን እንደ ድሮው ናቸው፣ ለየጨዋታው ማስተካከያ ብሰጥም ለውጥ የለም። በዚያ ላይ ድራይቨር ባደስኩ ቁጥር የሠራሁት ማስተካከያ ሁሉ ይጠፋል። ማደሱን ልተወው?
(ከአዲስ አበባ)

መልስ፦ እባክዎ ከኮምፒውተሩ ጀርባ ሄደው የስክሪኑ ገመድ የት እንደተሰካ ይመልከቱ። ላይ በቁመት ከተደረደሩት፣ ከዩኤስቢዎቹ አጠገብ ካለው ቀዳዳ ላይ ከሆነ የተሰካው ማዘርቦርዱ ላይ ነውና ነቅለው ከበታች በአግድም ከተቀመጠው ካርድ ላይ ይሰኩት። እንዲህ ዓይነት ደብዳቤ ሲደርሰን መጀመሪያ የምንጠረጥረው ገመዱን ነው።

ማስተካከያው የሚጠፋው ድራይቨሩን ሲጭኑ «ክሊን ኢንስታሌሽን» የሚለውን ስለሚመርጡ ሊሆን ይችላል። ይህ ምርጫ ለየፕሮግራሙ የተቀመጠውን ሁሉ ጠርጎ እንደ አዲስ ይጀምራል፤ ካልመረጡት ግን ነባሩ ማስተካከያ በቦታው ይቆያል። ጠርጎ መጫን ግድ በሚሆንበት ጊዜ ኤንቪዲያ ፕሮፋይል ኢንስፔክተር የተባለው ነፃ ፕሮግራም የቀየሯቸውን ማስተካከያዎች በአንድ ፋይል ያስቀምጥልዎታል፤ ከተጫነ በኋላ መልሰው ማስገባት ነው። ከአዲስ ድራይቨር በኋላ ጨዋታው በመጀመሪያው ቀን ቆም ቆም ቢልብዎ አይደንግጡ። ቀድሞ የተዘጋጀው የሼደር (ካርዱ ምስል የሚስልባቸው ትንንሽ ፕሮግራሞች) ክምችት ተሰርዞ እንደ አዲስ እየተሠራ ስለሆነ፣ የተወሰነ ጊዜ ከተጫወቱ በኋላ ይለቅዎታል።

ማደሱን በተመለከተ፣ የእርስዎ ካርድ ፓስካል ከተባለው እ.ኤ.አ. ከ2016 ትውልድ ነው። ኤንቪዲያ ለዚህ ትውልድ ለአዳዲስ ጨዋታዎች የሚያዘጋጀውን ድራይቨር በኦክቶበር 2025 አቁሟል፤ ከዚያ በኋላ እስከ ኦክቶበር 2028 የሚያወጣው በየሦስት ወሩ የደህንነት ጥገና ብቻ ነው። ስለዚህ በየወሩ የሚያሳድዱት አዲስ ድራይቨር የለም። ያሉት ጨዋታዎች ደህና የሚሠሩበትን ድራይቨር ይያዙ፣ የደህንነት ጥገናው ሲወጣ «ክሊን ኢንስታሌሽን» የሚለውን ሳይመርጡ ይጫኑት።